ያልታየው ሐሙስ

ኦክቶበር 2፣ 1950፣ ሰኞ

ይህን ደብተር የገዛሁት ለብርድ ወራት የማዝዘውን ሱፍ ልጽፍበት ነበር። ሱፉ በስልክ ታዘዘና ደብተሩ ባዶውን ቀረ። ባዶ ነገር መደርደሪያ ላይ ሲቀመጥ አልወድም።

እኅቴ ሩዜና ዛሬ አሥራ ሁለተኛ ሳምንቷን ጀመረች። ከሰኞ እስከ ዓርብ በአሥር ሰዓት ከሩብ ቺካጎ ውስጥ ቴሌቪዥን ያለው ቤት ሁሉ ሊያያት ይችላል። ሳጥኑ ውስጥ ስሟ ሮዝ ማርሎ ነው፤ የእኛን የቼክ ስም መጥራት አስተዋዋቂውን ስላስቸገረው ቀየሩት። የምትጫወተው ኔል የምትባል ጨርቅ ሻጭ ሆና ነው። አሥራ አምስት ደቂቃ፣ በቀጥታ፣ የተጻፈ ቃል በእጅ ሳይያዝ። አዘጋጁ ሚስተር ፕሩዊት ጠዋት የታሪኩን መንገድ ይነግራቸዋል፤ ቃሉን እዚያው ራሳቸው ይፈጥሩታል። ቢሳሳቱ የሚያርም የለም። እኔ በዚህ ዓይነት አንድ የልብስ ቁልፍ እንኳ አልሸጥም።

እናታችን ስትሞት ሩዜና የሰባት ዓመት ልጅ ነበረች፣ እኔ ሃያ አምስት። እዚሁ የጨርቅ ሱቃችን ባንኮኒ ሥር፣ ቁርጥራጭ ጨርቅ ላይ እየተኛች አደገች። ባሌም ልጅ ሳይተውልኝ ስለሞተ ከሱቁ በላይ ባለው ቤት የቀረነው ሁለታችን ነን። ሠላሳ አንድ ዓመት ሲሞላት ቲያትር ልሞክር ስትለኝ ዕድሜው አልፏል ብዬ ነበር። ተሳስቻለሁ። በመሳሳቴ ደስ ያለኝ ይህ የመጀመሪያው ነው፤ ተመስገን።

አንድ የሚያሳስብ ነገር አለ። ወጪውን የሚችለው የሳሙና ኩባንያ ከገና በኋላ ይቀጥል አይቀጥል ገና አልወሰነም አሉ።

ኦክቶበር 4፣ ረቡዕ

ቴሌቪዥኑን ከመስኮቱ አንሥቼ ወደ ሱቁ ውስጥ አስገባሁት። በመስኮት የሚያይ ሰው አይገዛም፤ ወንበር ላይ የተቀመጠ ይገዛል። ከሶኮል፣ ከሰፈራችን የቼኮች ማኅበር አዳራሽ፣ ስምንት ወንበር ተዋስኩ። አሥራ አንድ ሴቶች መጥተው ሦስቱ ቆመው አዩ።

ካሜራው ነጭ አይወድም። ነጭ ሸሚዝ እንደ መብራት ይንቦገቦግበታል። ስለዚህ ለሩዜና ደብዘዝ ያለ ሰማያዊ ጨርቅ መርጬ ተሰፋላት፤ ሳጥኑ ውስጥ በረዶ መስሎ ይታያል። ደንበኞቼ ያንን የኔልን ነጭ አምጪ ይሉኛል። ሰማያዊውን ስዘረጋላቸው አያምኑኝም።

ልብስ ሰፊዋ ብላዤና ኮፔትስካ በሃያ ስድስተኛው ጎዳና ከሷ በላይ ጮክ ብሎ የሚያወራ የለም። ዛሬ ፕሮግራሙ ሳያልቅ ወደ እኔ ዞራ፣ «ኦቲሊዬ፣ ይቺ ኔል ቁርጥ አንቺን» አለች። «ጨርቁን በአውራ ጣቷ እያሸች፣ ‘ጨርቅ አይዋሽም፣ የሚዋሸው ሰፊው ነው’ ስትል አልሰማሽም?»

እኔ እንዲያ ብዬ አላውቅም። ይህንኑ ነገርኳቸው። ሁሉም ሳቁ። ምን እንዳሳቃቸው አልገባኝም።

ኦክቶበር 9፣ ሰኞ

ሩዜና በራት ሰዓት ባለፈው ሳምንት ሠላሳ አንድ ደብዳቤ እንደ መጣላት ነገረችኝ። እየሳቀች ነው የነገረችኝ፤ እንዳልጨነቅ ብላ መሆን አለበት። ሠላሳ አንድ ምን ይባላል። የሳሙናው ኩባንያ ከሁሉ በላይ የሚያምነው ደብዳቤ ነው፤ በየሳምንቱ ያስቆጥራል። ከእሷ በፊት የሚታየው የወጥ ቤት ፕሮግራም ሁለት መቶ አግኝቷል። ድስት ሲታሽ ለማየት ሁለት መቶ ሰው ይጽፋል።

ሃያ አራት ዓመት ነግጃለሁ። ሰው ዕቃውን ሳይወድ ቀርቶ አይደለም የማይገዛው፤ ገፋ የሚያደርገው ሲያጣ ነው። ሴቶቹ ይወዷታል፤ ስታለቅስ ያለቅሳሉ። ለመጻፍ ግን ወረቀት፣ ፖስታ፣ ቴምብርና ምክንያት ይፈልጋሉ። አራቱም እኔ ዘንድ አሉ።

ኦክቶበር 10፣ ማክሰኞ

ለእያንዳንዱ ደብዳቤ አንድ ጥቅል ክር። ቀለሙን ራሳቸው ይመርጣሉ። ይህ ማታለል አይደለም፤ ምራቂ ነው። ሰው የሚያምንበትን እንዲጽፍ ምራቂ መስጠት ምን ነውር አለው። ለሩዜና አልነገርኳትም። የምትሠራው ሥራ አላት።

ኦክቶበር 13፣ ዓርብ

ብዕር ሲይዙ ይደነግጣሉ። ምን ልበል ይሉኛል። አንዷን የሚሰማሽን ጻፊ ስላት «በጣም ደስ ይላል» ብላ ትጽፍና ትቆማለች። ለሦስት ቃል ቴምብር አይለጠፍም። ስለዚህ እየዞርኩ አንዳንድ ዓረፍተ ነገር አቀበልኳቸው።

በጥንቃቄ ነው ያሠራሁት። ወረቀቱ አራት ዓይነት ነው። አንዳንዱ በቀለም፣ አንዳንዱ በእርሳስ። ግማሹን ሲሰሮና በርዊን በሚባሉት ጎረቤት ከተሞች ያሉ ዘመዶቻቸው ከዚያው እንዲልኩት አድርጌአለሁ። እንኳን የሳሙና ኩባንያ የገቢ ግብር መርማሪ አይደርስበትም።

ብላዤና ብቻ ያቀበልኳትን አልቀበልም አለች። «የራሴ አፍ አለኝ» ብላ አራት ገጽ ሞላች። ክሯን ቦርሳዋ ውስጥ ከተትኩላት።

ኦክቶበር 20፣ ዓርብ

ሁለት መቶ አራት ደብዳቤ። ሩዜና ደረጃውን ሁለት ሁለት እየዘለለች ወጣች። ሚስተር ፕሩዊት አቅፎ ሳማት። የሳሙናው ኩባንያ ሰው፣ ሚስተር ዊትኮም የሚሉት፣ እስከ ፋሲካ ሊቀጥል ይችላል ብሏል።

ራት ላይ አንዱን አነበበችልኝ። «እጆችሽ ጨርቁን ሲነኩ የአዲስ ጨርቅ ሽታ እስከ ቤቴ ይመጣል» ይላል። ደግማ አነበበችው።

«ይቺ ሴት ጨርቅ ታውቃለች» አለች።

ሾርባው ውስጥ አጥንት መፈለግ ጀመርኩ።

ኦክቶበር 26፣ ሐሙስ

ረጅም ቀን። በቅደም ተከተል ልጻፈው።

ጠዋት ቁርስ ላይ ሩዜና የዛሬውን ታሪክ ነገረችኝ። ኔል ለራሷ ሠርግ የገዛችው ጨርቅ አላት፤ ሰውየው ሳይመጣ ስለቀረ አሥራ ሁለት ዓመት ሳጥን ውስጥ አስቀምጣዋለች። ዛሬ አውጥታ ለጎረቤቷ ልጅ ትሰጣታለች። ሩዜና ይህን ስትነግረኝ ዳቦውን መቁረጥ ተወች። ጥሩ እንደሚሆን ያኔ ገባኝ።

ብላዤና ቅዳሜ ልጇን ትድራለች። ሴቶቹ ሁሉ ከአሥር ተኩል ጀምሮ ለሠርጉ ኮላቼ የሚባለውን የእኛን ጣፋጭ ዳቦ ሊጋግሩ አዳራሽ ይገባሉ፤ እስከ ነገ ማታ እጃቸው ከሊጥ አይወጣም። ከፕሮግራሙ በኋላ የሚጽፍ ሰው አላገኝም። ስለዚህ በምሳ ሰዓት ጠራኋቸውና ታሪኩን ነገርኳቸው። በደንብ ሳልነግራቸው አልቀረሁም፤ ሁለቱ ወረቀቱን በእንባ አበላሽተው አዲስ ሰጠኋቸው። አርባ ስድስት ደብዳቤ ሆነ። «ዛሬ ኔል ያንን ጨርቅ ስታወጣ» እያለ የሚጀምር።

በአሥር ሰዓት ከሩብ ሳጥኑን ከፈትኩ። ነጠብጣብ። ድምፅም የለም። ጎኑን መታሁት። ብላዤና አናቱን መታችው። ነፋስ ነበር፤ ጣራው ላይ ያለው አንቴና ዞሯል አልን። ከሴቶቹ አንዷ፣ «ግድ የለም፣ እኛ አልቅሰን ጨርሰናል» አለችና ሳቅን፤ እነሱ ወደ ሊጣቸው ሄዱ። እኔ ደብዳቤዎቹን የአሥራ አንድ ሰዓቱ ፖስተኛ እንዲያገኛቸው ወስጄ ጥጉ ላይ ባለው የፖስታ ሳጥን ጨመርኳቸው።

ሩዜና አንድ ሰዓት ላይ መጣች። ኮቷን ሳታወልቅ ወንበር ላይ ተቀምጣ ሳቀች። የጣቢያው ማሰራጫ ተቃጥሎ አሥራ ሰባት ደቂቃ በከተማው ሁሉ ምንም አልታየም። ተዋንያኑ አልሰሙም፤ ሙሉውን ተጫወቱት። የካሜራው ሠራተኛ አልቅሷል። ከጨረሱ በኋላ ነው ማንም እንዳላየው የተነገራቸው።

«ነገስ ትደግሙታላችሁ?» አልኳት።

«ነገማ ሌላ ታሪክ አለ፣ እትዬ። ያለፈው አለፈ። ከአራት ሰው በቀር ያየው የለም፤ ለእነሱ ሠርቼዋለሁ።»

አንቴናው ምንም አልሆነም ማለት ነው።

ኦክቶበር 27፣ ዓርብ

ጠዋት ፖስተኛውን ሚስተር ዱጋንን ጥጉ ላይ ጠበቅሁት። በስሕተት የተላከ ነገር አለ፣ ይመለስ አልኩት። ሳጥን ውስጥ የገባ ነገር የመንግሥት ነው አለኝ። መንግሥት በእኔ ደብዳቤ ምን ያደርጋል አልኩት። «ያደርሰዋላ፣ ወይዘሮ ሽቴፓኔክ» አለኝ። «ለምን ስትሉ ነው የከፈላችሁት?»

ሃያ ዓመት ሙሉ ደብዳቤ ስላዘገየ ስወቅሰው የኖርኩት ሰው። ይህን ግን ትላንት ማታውኑ አስረክቦ ጨርሷል።

ኦክቶበር 31፣ ማክሰኞ

እስካሁን ምንም። ምናልባት የሚቆጥረው ሰው ይቆጥራል እንጂ አያነብም። ብዙ ነጋዴ እንደዚያ ነው።

የብላዤና ልጅ ሠርግ ደስ ይል ነበር። እኔ ቶሎ ተመለስኩ።

ኖቬምበር 3፣ ዓርብ

ምንም። ሩዜና ዛሬ በጣም ጥሩ ነበረች። ክር መስጠት አቁሜአለሁ። ሴቶቹ ለምን እንደሆነ ሲጠይቁኝ አልቋል አልኩ። ከኋላዬ መደርደሪያ ሙሉ ክር ነበር።

ኖቬምበር 6፣ ሰኞ

አንብቧል።

ሚስተር ዊትኮም ከፕሮግራሙ በኋላ ተዋንያኑን ሁሉ አስቀርቶ አርባ ስድስቱን ደብዳቤ ጠረጴዛ ላይ ደረደረላቸው። እኛ ያላሳየነውን ያዩ ሴቶች አገኘሁ፣ መነጽራቸውን የት እንደ ገዙ ንገሩኝ አላቸው። ማንም አልሳቀም። አሁን የቀሩትንም ደብዳቤዎች አያምናቸውም። ታሪኩን አስቀድሞ የሚያውቀው ደግሞ ተዋናዩ ነው፤ ደብዳቤዎቹም የሚያመሰግኑት አንዷን ነው።

ሩዜና ይህን ስትነግረኝ አላለቀሰችም። እጇን ስትታጠብ ቆየች። «እኔ ራሴ ያጻፍኩት ነው የሚመስላቸው፣ እትዬ» አለች። «ፕሩዊት እንኳ ዓይኔን አላየኝም።»

ማን ሊያደርገው እንደሚችል ጠየቀችኝ። እኔ ምን አውቃለሁ አልኳት።

ኖቬምበር 7፣ ማክሰኞ

ልነግራት ነበር። ደንበኛ መጣ።

ኖቬምበር 8፣ ረቡዕ

ደንበኛ አልመጣም። አልነገርኳትም።

ዛሬ በፕሮግራሙ ላይ ጨርቅ ስትለካ ቁጥሩን ረሳች። ማንም አላወቀባትም። እኔ አወቅሁ። አንድ ነጋዴ የተበላሸ ጣቃ ሸጦ ገዢዋ ጎረቤቷን ስትጠረጥር ዝም ካለ ምን ይባላል? እኔ እንዲህ ያለውን ሰው ከሱቄ አስወጥቼ አውቃለሁ።

ኖቬምበር 9፣ ሐሙስ

ሱቁን ዘግቼ መሐል ከተማ ሄድኩ። በሥራ ቀን ስዘጋ ከባሌ ቀብር ወዲህ የመጀመሪያዬ ነው።

ሚስተር ዊትኮም ወፍራም፣ ጫማው በደንብ የተወለወለ ሰው ነው። ማን እንደሆንኩ፣ ምን እንዳደረግሁ፣ ክሩን፣ አራት ዓይነት ወረቀቱን፣ ሲሰሮና በርዊንን፣ ሁሉንም ሳላቋርጥ ነገርኩት። እኅቴ የምታውቀው ነገር እንደሌለ ሁለት ጊዜ ተናገርኩ። እስክጨርስ ሲጋራውን አልለኮሰም።

«እኔ ሥራ የጀመርኩት ብሩሽ በየበሩ እያንኳኳሁ ስሸጥ ነው፣ ወይዘሮ» አለኝ። «ብዙ ዋሾ አውቃለሁ። ተመልሶ የሚመጣ ዋሾ ግን አላየሁም።»

ከዚያ ጸሐፊዋ ሁለት ካርቶን አመጣች። የኦክቶበር ደብዳቤ ሁሉ፣ ሦስት መቶ ሰባ አንድ። የእኔን ከእውነተኛው ለይቼ ማውጣት እችል እንደሆነ ጠየቀኝ። ከመሳቢያው አንድ ወረቀት አውጥቶ አሳየኝ፤ የሌላ አሥራ ሦስት ሳምንት ውል ነው፣ አልተፈረመም። እውነተኛው ከመቶ በላይ ከሆነ አለቆቼ ፊት ልቆምበት እችላለሁ አለኝ።

ኮቴን አውልቄ ጠረጴዛው ላይ መለየት ጀመርኩ። ጨርቅ እንደ መለየት ነው፤ እጅ ያውቀዋል። የእኔ ዓረፍተ ነገሮች ከሩቅ ይታዩኝ ነበር፤ ሲጻፉ ያማሩ የመሰሉኝ ሁሉ። እውነተኞቹ አጫጭር ናቸው። አንድ ጡረታ የወጣ የትራም ሾፌር። ሆስፒታል የተኛች ልጅ። ከኢንዲያና አንድ ገበሬ፣ «ሚስቴ ከሞተች ወዲህ በዚያ ሰዓት ቤት የምገባው ለኔል ነው» የሚል። የእሱን ጥቂት ይዤው ቆየሁ።

ሁለት ሰዓት ፈጀብኝ። በስተመጨረሻ ዊትኮም ወደ መስኮቱ ዞሮ በስልክ ያወራ ነበር። የእኔ ክምር ትልቅ ነው፣ ያኛው ትንሽ። ከእኔ ክምር ሃምሳ አንሥቶ ወደዚያ ማዛወር የአንድ እጅ ሥራ ነበር። ማን ያውቃል። በእጄ ይዤአቸው ነበር፤ ይህን እዚህ ካልጻፍኩ የትም አልጽፈውም። የብላዤናን አራት ገጽም አገኘሁት። ቃሉ የራሷ ነው፤ ክሩ የእኔ። ብዙ አሰብኩበትና ከእኔዎቹ ጋር አደረግሁት።

እውነተኛው ሃምሳ ስምንት ሆነ።

ዊትኮም ስልኩን ዘግቶ መጣና ሁለቱን ክምር አየ። ውሉን ወደ መሳቢያው መለሰው። ፕሮግራሙ ዲሴምበር 15 ያበቃል። ሩዜና ምንም እንደማታውቅ ለጣቢያው በፊርማው ይጽፋል፤ ዛሬውኑ፣ እኔው እያየሁ አጻፈው። ሃምሳ ስምንቱን ወደ ቤት ልውሰዳቸው አልኩት፤ ውሰጃቸው አለኝ።

ወደ በሩ ስሄድ፣ የዚያ ሐሙስ ደብዳቤዎች ባይኖሩ ኖሮ መቼም አላውቅም ነበር አለኝ። አውቃለሁ አልኩት።

ይህ ሰው በፖሊስ ሊያስወጣኝ ይችል ነበር። ወንበር ሰጠኝ። አመሰግነዋለሁ።

ያው ቀን፣ ማታ

ነገርኳት። ቆሜ ነው የነገርኳት።

«ለምን?» አለችኝ።

«እንዳታዝኚ ብዬ ነዋ። ሠላሳ አንድ ደብዳቤ ብቻ መጣ ስትዪኝ…»

«እኔ መቼ አዘንኩ? ሠላሳ አንድ የማላውቃቸው ሰዎች ወደዱኝ ብዬ እየሳቅሁ ነው የመጣሁት። ያነሰሽ አንቺን ነው፣ እትዬ።»

ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ።

ኖቬምበር 17፣ ዓርብ

ስምንት ቀን ሆነ። ሩዜና እርስዎ ትለኛለች። «ጨው ያቀብሉኝ። እርስዎ ይቅደሙ።» ከሰባት ዓመቷ ጀምሮ አንቺ ስትለኝ የኖረች ልጅ። ብላዤና ሰምታ ሳቀችና፣ «ጉድ ነው፣ ሹመት አገኘሽ ወይ?» አለችኝ። ደብዳቤዋን ከየትኛው ክምር እንዳደረግሁት ስነግራት ግን መሳቋን አቆመች። አንድ ክር አውጥታ ባንኮኒው ላይ አስቀመጠች፤ ጫፉ እንኳ አልተፈታም። ለካ ቦርሳዋ ውስጥ እንዳየችው ልትመልስልኝ ኖሯል፣ ሠርጉ አስረስቷት ነው። ሃምሳ ዘጠኝ መሆን ነበረበት።

ሩዜና ግን ስሟ ጸድቷል። ሚስተር ፕሩዊት በሁሉ ፊት ይቅርታ ጠይቋታል። ይህን ከእሷ አልሰማሁም፤ የካሜራው ሠራተኛ ሚስት ገበር ልትገዛ መጥታ ነገረችኝ። በዚህ ሳምንት ጥሩ እንቅልፍ የተኛሁት በዚያ ቀን ነው።

ኖቬምበር 23፣ ሐሙስ፣ የምስጋና ቀን

ዳክዬ ጠብሼ፣ ጎመን ሠርቼ ሁለታችን በላን። ብዙ አልተነጋገርንም። ከምግቡ በፊት እንደ ልማዳችን የምናመሰግንበትን አንድ አንድ ነገር መናገር አለብን። እኔ ስለ ጤንነት አልኩ። ሩዜና ስለ ሥራው አለች። አብቅቷል ብላ አላለቀሰችም፤ ተሰጥቶኝ ነበር ብላ አመሰገነች። ይህን ከማን እንደ ተማረች አላውቅም። ከእኔ አይደለም።

ከምሳ በኋላ ሃምሳ ስምንቱን ደብዳቤ በቡናማ ወረቀት እንደ ጠቀለልኳቸው ጠረጴዛው ላይ አስቀምጬ ወደ ሱቅ ወረድኩ። በዓል ስለሆነ ፕሮግራምም የለም፣ የምሠራውም አልነበረኝም። ቁልፎቹን በመጠናቸው ለየሁ።

ዲሴምበር 3፣ እሑድ

ሩዜና ዛሬ ጨርቅ መቁረጫው ጠረጴዛ ላይ ተቀምጣ ለእያንዳንዱ መልስ ትጽፋለች። ለትራም ሾፌሩ ሦስት ገጽ። ቀና ሳትል፣ «ቴምብር አለሽ?» አለችኝ።

አለሽ ነው ያለችው። ቴምብሩን ፍለጋ ሦስት መሳቢያ ከፈትኩ፤ የት እንዳለ አውቅ ነበር።

ዲሴምበር 8፣ ዓርብ

ከኒው ዮርክ ጣቢያዎች የሚጠራት የለም። አብረዋት የሚጫወቱትን ሁለቱን ወንዶች ጠርተዋቸዋል። በሷ ዕድሜ ያለች ሴት እዚያ ሞልታለች አሏት። እንደ እሷ ያለ እጅ ያላትን አሳዩኝ። ተናድጄ ሳወራ ሩዜና ሳቀችብኝ፤ «አንቺን መላክ ነበር፣ ውሉን አስፈርመሽ ትመጪ ነበር» አለች። ከዚያ ያልኩትንና ያደረግሁትን ሁለታችንም አስታወስን። ከጃንዋሪ ጀምሮ በሶኮል አዳራሽ ለሴቶች ማኅበር ቲያትር ታስተምራለች። የቀረውን ቀን ባንኮኒው ላይ ትሆናለች።

ዲሴምበር 15፣ ዓርብ

የመጨረሻው። ሱቁ ውስጥ ሃያ ስድስት ሴቶች ነበሩ፤ ክር የሰጠሁት ሰው የለም።

ታሪኩ ከጊዜው ቀድሞ አለቀ። ከካሜራው ጀርባ ያለው ሰው በእጁ አርዝሙት ብሎ ምልክት እንደሰጣቸው ሩዜና በኋላ ነገረችኝ፤ ግማሽ ደቂቃ ቀርቷል፣ የሚባል ነገር አልቋል። ሌሎቹ ደነገጡ። ሩዜና ባንኮኒው ላይ የተዘረጋውን ጨርቅ ማጠፍ ጀመረች። ጫፉን ከጫፍ፣ በመዳፏ ጠረግ፣ ደግሞ ጫፉን ከጫፍ። ምንም አልተናገረችም። ከዚያ ስዕሉ ጠፋ።

አንዷ ተነሥታ ወንበሯን አጠፈች፤ ሌሎቹም ተከተሏት። ወንበሮቹን ዛሬውኑ ለአዳራሹ መለስኩ።

ሃያ ሁለት ሳምንት። በዚህ መንገድ ካሉት ሱቆች ውስጥ ይህን ያህል የተሰጠው አላውቅም።

ዲሴምበር 17፣ እሑድ

ሩዜና መልሱን ሁሉ ጨርሳ ደብዳቤዎቹን በሪባን አሰረቻቸው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች።

«ከዚህ ውስጥ የአንቺ የለም» አለችኝ።

«የእኔ? ሦስት መቶ አጽፌ የለ።»

«እሱን ለሌላ ሰው አፍ ነው የጻፍሽው። አንቺ ብትጽፊ ምን ትዪ ነበር?»

ጎመኑ እያረረ ነው ብዬ ተነሣሁ። ጎመን አልጣድኩም ነበር። ሩዜናም ታውቃለች።

ዲሴምበር 18፣ ሰኞ

ደንበኛ የለም፣ በረዶ እየጣለ ነው። አምስት ወረቀት አበላሸሁ። ለሰው ሳቀብል እንዲህ አይቸግረኝም ነበር። የተረፈው ይህ ነው፤ ልኬው ከእጄ ሳይወጣ እዚህ ልገልብጠው።

«ለተከበሩ ሚስ ሮዝ ማርሎ፤

በሃያ ስድስተኛው ጎዳና ጨርቅ የምሸጥ ሴት ነኝ። ከሁለት ሐሙስ በቀር አንድም ቀን ሳይቀረኝ አይቼዎታለሁ፤ በአንደኛው ማንም አላየዎትም፣ በኖቬምበር 9 ደግሞ ከተማ ሄጄ ነበር። ሰው ሲጠይቀኝ ለገበያው ብዬ ነው እል ነበር።

የእናቴን እጅ የረሳሁት ይመስለኝ ነበር። ጨርቅ የምታጥፈው እንደዚያ ነበር፣ በመዳፏ ጠረግ እያደረገች። እኔ ከሷ ተምሬ፣ ሌላ ሰው ከእኔ እንደ ተማረ አላሰብኩም። ዓርብ ዕለት አየሁት።

አንድ ደብዳቤ በቂ እንደሆነ አላውቅም ነበር። ይቅርታ ያድርጉልኝ። አመሰግናለሁ።

ኦቲሊዬ ሽቴፓኔክ»

ፖስታው ላይ የሦስት ሳንቲም ቴምብር ለጠፍኩ። የላኪዋንም የተቀባይዋንም አድራሻ ጻፍኩ። አንድ ነው።